ጊዜ የተዛባበት ሰው የት ሄዶ ያመልክት?

እንደምን አመሻችሁ፣ የሳይንሳዊ ልብወለድ ወዳጆቼ።

ለጋራ ታሪካችን ያዘጋጀሁትን የጊዜ መዛባት መዝገብ ይዤ መጥቻለሁ። ነገሩ ፈጠራ ነው። በታሪኩ ውስጥ አንድ መሥሪያ ቤት አለ። ጊዜ የተዛባበት ሰው እዚያ ሄዶ ያመለክታል። መዝጋቢዋ ታዳምጣለች፣ ታጣራለች፣ ከዚያ ጉዳዩን ከአራት ክፍሎች በአንዱ ታስገባዋለች። ሀ፣ ለ፣ ሐ እና መ ብያቸዋለሁ።

ክፍል ሀ የቆጠራ መዛባት ነው። ቁጥሩ ይዘላል፤ ጊዜው ራሱ ግን ንቅንቅ አይልም። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ልጥራና፣ በ2011 ሳሞአ ውስጥ ሐሙስ ዲሴምበር 29 ማታ የተኛ ሰው ቅዳሜ ዲሴምበር 31 ነቃ። አገሪቱ ከአውስትራሊያና ከኒውዚላንድ ጋር ለመነገድ እንዲመቻት ቀን የሚለወጥበትን ዓለም አቀፍ መስመር ወዲያ ማዶ ተሻገረች። ዓርብ ጭራሽ አልነበረም። በ1582ም የሮማው ጳጳስ ካሌንደሩን ሲያርሙ ከኦክቶበር 4 ቀጥሎ 15 ሆነ። ግን በአንዱም ጊዜ ማንም ያለ ዕድሜው አላረጀም። የእኛም የሰባት ስምንት ዓመት ልዩነት የሚገባው እዚሁ ነው። «አዲስ አበባ ስትገባ ሰባት ዓመት ወጣት ትሆናለህ» የሚለውን ለአስጎብኚዎች እንተውላቸው። በእሱ ላይ ብቻ የቆመ ታሪክ ከመካከላችን ባይወጣ ደስ ይለኛል። አንባቢው ከዚህ የተሻለ ይገባዋል።

ክፍል ለ ላይ ጊዜ የምር ይለያያል። በ1971 አሜሪካውያኑ ሳይንቲስቶች ጆሴፍ ሃፈልና ሪቻርድ ኪቲንግ አራት አቶሚክ፣ ማለትም እጅግ ትክክለኛ፣ ሰዓቶችን በመንገደኛ አውሮፕላን አሳፍረው ምድርን ዞሩ። አንዴ ወደ ምሥራቅ፣ አንዴ ወደ ምዕራብ። ሰዓቶቹ ሲመለሱ መሬት ላይ ከቀሩት ጋር አልገጠሙም። በምሥራቁ ጉዞ 59 ናኖ ሰከንድ (የሰከንድ ቢሊዮንኛ) ያህል ወደ ኋላ ቀሩ፤ በምዕራቡ 273 ያህል ቀደሙ። አንስታይን እንዳለው ማለት ነው፤ ጊዜ እንደ ፍጥነቱና እንደ ከፍታው ይለያያል። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓትም ከእኛው በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ (የሰከንድ ሚሊዮንኛ) ገደማ ይፈጥናል። ይህ ካልታረመ ቦታ ሲጠቁም የሚሳሳተው በአንድ ቀን 10 ኪሎ ሜትር ያህል ይደርሳል። ቦሌ ቆማችሁ የጠራችሁት ራይድ ሌላ ሰፈር ሲፈልጋችሁ ይውላል። እዚህ ክፍል የምትጽፉ ልጆች፣ እባካችሁ ሂሳቡን ሥሩት።

ልቤ ያለው ግን ክፍል ሐ ላይ ነው። ጊዜ ለአንድ ሰው ቆሞ ለሌላው ሁሉ ሲቀጥል። ምሳሌውን ፍለጋ ሩቅ አልሄድኩም፤ ተረፈ ባሮክ በሚባለው ጥንታዊ የሃይማኖት መጽሐፍ ውስጥ አለ። ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ኤርምያስ ልኮት ለሕሙማን በለስ ሊያመጣ ከኢየሩሳሌም ወጣ። ይዞ ሲመለስ ሙቀቱ በረታበት። ዛፍ ጥላ ሥር ቅርጫቱን ተንተርሶ ጋደም አለ። ሲነቃ ራሱን ከብዶታል፤ እንቅልፉን አልጠገበም። በለሱን ገለጥ ሲያደርገው ወተቱ ገና ይንጠባጠባል። ከተማ ሲገባ ግን ቤቱ ጠፋው። ዘመድ የለ፣ የሚያውቀው ሰው የለ። መንገድ ስቻለሁ ብሎ ተመልሶ ወጣ። ምልክቶቹን ሲያይ ከተማዋ ራሷ ናት። በኋላ አንድ ሽማግሌ ነገሩት፦ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ከተማረከ 66 ዓመት ሆኖታል።

በለሱን ባይዝ ኖሮ ማን ያምነዋል? ወቅቱ የበለስ አይደለም። እሱ የያዘው ግን አሁን የተቀጠፈ ይመስላል። የመዝገቡን የመጀመሪያ ደንብ ያገኘሁት ከዚህ ነው። ከዚያኛው ጊዜ የመጣ፣ በእጅ የሚዳሰስ ነገር ከሌለ ፋይል አይከፈትም። ፎርሙ ላይ የመጀመሪያው ጥያቄ «በእጅዎ ምን ነበር?» ይላል።

ሁለተኛው ጥያቄ «ማን ይጠብቅዎት ነበር?» ነው። ብዙዎቻችሁ የመዛባቱን ክብደት በዓመት ብዛት ትለካላችሁ። እኔ በዚህ አልስማማም። ዓረብ አገር ሠርታ የተመለሰች እናት አስቡ። ሻንጣዋን ሳታወርድ ልጇ አክስቱ ቀሚስ ሥር ይደበቅባታል። «እማዬ» የሚለው አክስቱን ነው። እሷ በልቧ ጥላው የሄደችውን ሕፃን ይዛ መጥታለች፤ ፊቷ የቆመው ግን ጥርሱን የቀየረ ልጅ ነው። እዚህ ምንም የፊዚክስ ተአምር የለም። ሕመሙ ግን የአቤሜሌክ ሕመም ነው፤ አንባቢያችንም ከቤቱ ያውቀዋል። ስለዚህ ማንም የማይጠብቀው ሰው መቶ ዓመት ቢተኛ ሐ-1 ይባላል። ቤት ውስጥ ልጅ ያላት ሴት ሁለት ዓመት ብትጠፋ ሐ-5 ነው፤ ከዚያ በላይ ደረጃ የለም።

ክፍል መ የመደጋገም ነው። ያው ቀን ተመልሶ ሲመጣ። ቀኑ በተመለሰ ቁጥር የተያዘውም ነገር አብሮ ወደ ቦታው ስለሚመለስ ደንባችን እዚህ ላይ አይሠራም። መዝጋቢዋ በምን ታምናቸው? መፍትሔ አላገኘሁለትም። የዛሬውን ውይይት ከዚህ እንጀምር። ፎርሙ በየወንበራችሁ ላይ አለ፤ ሐሳብ ያለው እጁን ያውጣ።