ቃለ ጉባኤው የት አለ?

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ጥሪያችንን አክብራችሁ የተገኛችሁ እንግዶች፣ እንኳን ለዓመታዊ ጉባኤያችን በሰላም አደረሳችሁ!

ዘንድሮ ለውይይት የመረጥነው ጉዳይ በየመሥሪያ ቤቱ ኮሪደር ሲታማ የሚውል፣ ችሎት ሲደርስ ግን ብዙ ጊዜ እግር የሚያጣ ነው፤ ከሥርዓት ውጭ የተፈጸመ ቅጥር፣ ዕድገትና ድልድል። ቅሬታው እውነት ሆኖ ሳለ የሚወድቅባቸው፣ ቅጥሩም ትክክል ሆኖ ሳለ መሥሪያ ቤቱ የሚረታባቸው መዝገቦች አሉ። ሁለቱንም የሚጥላቸው ያልተያዘ ወረቀት ነው።

የክፍት ሥራ መደብ ማስታወቂያ ከተለጠፈ በኋላ የለጠፈውን መሥሪያ ቤት ራሱን ያስራል። «ተዛማጅ የትምህርት ዝግጅት» ተብሎ ተጽፎ ተዛማጁ የትኛው እንደሆነ ካልተዘረዘረ፣ ማመልከቻ የሚያጣራው ባለሙያ በቦታው ሕግ አውጪ ሆነ ማለት ነው። ነገሩ ከዚያ ይበላሻል።

እስቲ አንድ የውጤት መግለጫ እናስብ። የጽሑፍ ፈተና ከ70፣ ቃለ መጠይቅ ከ30። አንዷ ተወዳዳሪ በጽሑፍ 58፣ በቃል 19፣ ድምር 77 አገኘች። ሌላው በጽሑፍ 50፣ በቃል 28፣ ድምር 78 አገኘና ተቀጠረ። ይህ ብቻውን ጥፋት አይደለም፤ ቃለ መጠይቅ ላይ የሚያበራ ሰው አለ። ነገር ግን የአምስቱ ፈታኞች የየግል ነጥብ መስጫ ቅጽ ከፋይሉ ከጠፋ፣ አማካዩ ብቻ ከተመዘገበ፣ ቃለ ጉባኤው ላይ ሦስት ፊርማ ብቻ ካለና ቀኑም ከቅጥር ደብዳቤው በኋላ ከሆነ፣ ያችን አንድ ነጥብ የሚከላከልላት አይገኝም። ደግሞም የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999 እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ላላቸው ሴቶች፣ አካል ጉዳተኞችና በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ ተዋጽኦአቸው አነስተኛ ለሆነ ብሔረሰቦች አባላት ቅድሚያ እንዲሰጥ ደንግጎ ነበር፤ እሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 1064/2010ም ይህንኑ መንገድ ተከትሏል። 77 እና 78 ተቀራራቢ ካልሆኑ የትኞቹ ሊሆኑ ነው? ኮሚቴው ይህን ቅድሚያ ያልሰጠበትን ምክንያት ካልጻፈ ራሱን ለክስ አመቻችቷል።

የአካል ጉዳተኞችን ጉዳይ የያዛችሁ ጠበቆች ስለ አካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት የወጣውን አዋጅ ቁጥር 568/2000 አትርሱ። በአካል ጉዳቱ ምክንያት አድልዎ ተፈጽሞብኛል የሚል አመልካች የማስረዳት ሸክሙ የለበትም፤ አድልዎ አለመፈጸሙን ማስረዳት ያለበት ቀጣሪው ነው። ይህን ሳይጠቅሱ የሚቀርቡ አቤቱታዎች መኖራቸው ያስቆጫል።

ወደ አቤት ባዩ ልምጣ። «በዘመድ ተቀጠረ» ብሎ መጀመር የተለመደ ስሕተት ነው። ዝምድናን ማስረዳት ከባድ ነው፤ የጎደለን ፊርማ ማሳየት ግን ቀላል ነው። ማስታወቂያው ከሰሌዳ ከመነሳቱ በፊት ፎቶ ይነሳ። የውጤት ዝርዝር የሚጠየቀው በጽሑፍ ይሁን፤ ደብዳቤው መዝገብ ቤት ገቢ ተደርጎ፣ በእጅ በሚቀረው ቅጂ ላይ ማኅተም፣ ቀንና የገቢ ቁጥር ይውረድበት። በቃል «ነገ ና» እየተባለ የሚመላለስ ሰው ቀነ ገደቡ ያልፍበታል፤ በኋላም መቼ እንደጠየቀ የሚያሳይ ነገር አይኖረውም።

ቀጥሎ የሚመጣው የት እንክሰስ የሚለው ነው። የመንግሥት ሠራተኛ የሆነ ሰው በመጀመሪያ የመሥሪያ ቤቱን ቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ ያልፋል፤ ስለ ዲሲፕሊንና ቅሬታ ሥነ ሥርዓት የወጣው ደንብ ቁጥር 77/1994 ለረጅም ጊዜ የተሠራበት መንገድ ይኸው ነው። የመንግሥት ሠራተኞችን ይግባኝ የሚያየው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ሥልጣን ደግሞ በሕጉ በተዘረዘሩት ጉዳዮች የተወሰነ ስለሆነ፣ አቤቱታው ከዝርዝሩ ውስጥ መግባቱን ሳያዩ ይግባኝ መጻፍ ጊዜ ማቃጠል ነው። ከውጭ ተወዳድሮ የወደቀው አመልካችስ? እሱ ገና ሠራተኛ አልሆነም። ለእሱ ሊታይ የሚገባው በር የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ነው፤ የአስተዳደር ውሳኔ በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲከለስ ያስችላልና። በክልል መሥሪያ ቤት የተወዳደረ ግን የክልሉን ሕግ ይመልከት።

የተቀጠረውን ሰው ከክርክሩ ውጭ ማስቀረት ሌላው ወጥመድ ነው። ቅጥሩ ይሰረዝ ብሎ ጠይቆ የሚሰረዝበትን ሰው አለመጥራት፣ ፍርዱን ካገኙ በኋላ ሰውየው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 358 «ሳልሰማ ተፈረደብኝ» የሚል መቃወሚያ ይዞ እንዲመጣ መጋበዝ ነው። ከመጀመሪያው ይግባ፤ ቦታው እንዳይያዝ ካስፈለገም በቁጥር 154 እግድ በጊዜ ይጠየቅ።

መሥሪያ ቤቶችም ስሕተታቸውን ሲያርሙ ሌላ ስሕተት ይሠራሉ። ሐሰተኛ የትምህርት ማስረጃ ያቀረበውና ኮሚቴው ነጥብ በመደመር ተሳስቶ የቀጠረው በአንድ ዓይነት ደብዳቤ ይሰናበታሉ። የመጀመሪያው በወንጀልም ይጠየቃል፤ ሁለተኛው ምንም አላጠፋም። ሁለቱም ቢሆኑ መልስ እንዲሰጡ ሳይጠየቁ መሰናበታቸው ብቻውን ውሳኔውን ሊያስሽረው ይችላል።

አሁን የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1353/2017 በ1064/2010 ቦታ ተተክቷል። አቤቱታ ስታዘጋጁ መጀመሪያ የምታዩት ቅጥሩ የተፈጸመበትን ቀን ይሁን፤ የትኛው ሕግ እንደሚገዛው የሚነግራችሁ እሱ ነው።

ከሻይ በኋላ ለየቡድኑ ስም የተሰረዘባቸው ሦስት ሦስት ፋይሎች ይታደላሉ። በአንደኛው ፋይል ውስጥ ቃለ ጉባኤ የለም፤ የትኛው እንደሆነ አልነግራችሁም። ጉባኤያችን ተከፍቷል።