በ67 ዓመቱ የተቀጠረው ሽማግሌ

ሰላም፣ እንደምን ከረማችሁ። ዛሬ እንግዳ የለም፤ እኔና ማይኩ ብቻ ነን።

ሰሞኑን የአሜሪካኖቹን የድሮ ጥቁርና ነጭ ተከታታይ ድራማዎች ይዣለሁ። አንድ ሽማግሌ አለ፣ የማይገባበት ቤት የለም። ቀጭን፣ ራሰ በራ። አንዱ ድራማ ላይ የእሳት አደጋ ሠራተኛ ነው፣ ሌላው ላይ በረንዳ ላይ ተቀምጦ ዳማ ይጫወታል። ሁለት ደቂቃ ታይቶ ይሄዳል። እኛስ ብንሆን «ያ ዘበኛ ሆኖ የሚሠራው» እያልን አይደል የምናልፈው?

ስሙ በርት ሙስቲን ነው። በ1884 ፒትስበርግ ተወለደ፤ ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው። እንጀራው መኪና መሸጥ ነበር። ጡረታ ወጥቶ አሪዞና ገባ። እዚያ መድረክ ላይ ሲሠራ ዳይሬክተሩ ዊልያም ዋይለር አይቶት ኖሮ፣ በ1951 ለወጣ ፊልም የሕንፃ ጽዳት ሠራተኛ አድርጎ ወሰደው። ያኔ 67 ዓመቱ ነው።

ይሄን የሚያወሩ ሰዎች «ለሕልም ዕድሜ አይገድበውም» ብለው ይዘጉታል። እኔ አይዋጥልኝም። ሰውየው መቼ በ67 ጀመረ! መኪና እየሸጠ፣ በትርፍ ጊዜው አማተር ቲያትር ሲሠራ፣ ከጓደኞቹ ጋር በአራት ድምፅ ሲዘፍን ነው የኖረው። ፈላጊ ነው ያልነበረው። ፈላጊውን ያመጣው ቴሌቪዥን ነው። «ሊቭ ኢት ቱ ቢቨር»ን ውሰዱ፦ በዓመት 39 ክፍል፣ ለስድስት ዓመት፣ በጠቅላላው 234። በየሳምንቱ ጎረቤት ያስፈልጋል፣ ፖስተኛ ያስፈልጋል፣ አያት ያስፈልጋል። ድራማው ደግሞ ግማሽ ሰዓት ነው፤ ገጸ ባሕርይ ለማስተዋወቅ ጊዜ የለም። ሙስቲን ገና ብቅ ሲል ግን ማን እንደሆነ ይገባችኋል። እዚያ ድራማ ላይ ገስ የሚባል የእሳት አደጋ ጣቢያ ሽማግሌ ነው፤ የድራማው ዋና ገጸ ባሕርይ፣ ትንሹ ቢቨር፣ ቤት መናገር የከበደውን ይዞ እሱ ጋ ይመጣል።

እንዲህ ሲል ሲል፣ በ1973 «ኦል ኢን ዘ ፋሚሊ» ላይ ከአረጋውያን ማቆያ ጠፍቶ የወጣ ሰው ሆኖ መጣ። እዚህ ላይ ታሪኩ ራሱ የሽማግሌው ሆነ፤ አላፊ አግዳሚ አይደለም። ለኔ ትልቁ ሥራው ይሄ ነው።

ከዚያ «ፊሊስ» ላይ ሙሽራ ሆነ፣ በ92 ዓመቱ! ሙሽሪት ጁዲት ላውሪ 86 ነበረች። ክፍሉ የተላለፈው በታኅሣሥ 1976 ሲሆን፣ እሷ ከሁለት ሳምንት በፊት አርፋ ነበር። እሱም በጥር 1977 ተከተላት። ይሄን ሳታውቁ ብታዩት በሳቅ ነው የምትጨርሱት፤ ሁለቱም የሳቁን ሰዓት አንዲት ሰከንድ አያስቱም።

ከኛ የድሮ የቴሌቪዥን ድራማዎች መልኩን የምታውቁት፣ ስሙ ግን የጠፋችሁ ተዋናይ ካለ የትኛው ድራማ ላይ እንዳያችሁት ጻፉልኝ፤ አብረን እንፈልገዋለን። በሉ ቸር ሰንብቱ።