ዋስትናን ለዳኛ ተዉት

የተከበራችሁ ዳኞች፣ ዓቃብያነ ሕግ፣ የሙያ ባልደረቦቼ፣ ዘንድሮ የምትመረቁ ልጆቻችን፤ እንደምን አደራችሁ።

የተሰጠኝ ርዕስ ሙስናን በመከላከል ረገድ የሕግ ባለሙያው ድርሻ የሚል ነው። እደርስበታለሁ። መጀመሪያ ግን ሆዴ ውስጥ የቆየውን ላውጣ። በሙስና ስለተጠረጠረ ባለሥልጣን የዋስትና መብት ነው።

1993ን የምታስታውሱ እዚህ አላችሁ። የቀድሞው የመከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ታሰሩ። ጉዳያቸው ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ ችሎት ቀረበ። ዳኛዋ መዝገቡን መርምረው በዋስ ይውጡ አሉ። አቶ ስዬ ወጡ። ከፍርድ ቤቱ ብዙም ሳይርቁ ተመልሰው ተያዙ። በዚያው ሰሞን አዋጅ ቁጥር 239/1993 ወጣ። በሙስና የተጠረጠረ ሰው በዋስ አይለቀቅም አለ። ከዚያ በኋላ አቶ ስዬ ስድስት ዓመት ያህል ታሰሩ።

ያኔ ብዙ ሰው ደስ ብሎት ነበር። ባለሥልጣን ነው፣ በልቷል፣ ምን ዋስትና ያስፈልገዋል ተባለ። የሕዝቡ ንዴት ይገባኛል። እኔም በሕዝብ ገንዘብ የሚቀልድ ሰው ያናድደኛል። ግን እዚያ ቀን የተነካው የአንድ ሰው መብት ብቻ አልነበረም። የዳኛ ሥልጣን ነው የተነካው! ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 ላይ ዋስትናን መብት አድርጎታል። መከልከል በሕግ በተደነገገ ልዩ ሁኔታ ነው፤ ያኔም የሚከለክለው ፍርድ ቤት ነው።

በ1997 አዋጅ ቁጥር 434 መጥቶ ነገሩን ለዘብ አደረገው። ወንጀሉ ከ10 ዓመት በላይ የማያስቀጣ ከሆነ በዋስ መውጣት ይቻላል አለ። ጥሩ። ግን አንቀጹን የሚጠቅሰው ማነው? ከሳሹ። ከባዱን አንቀጽ ከጠቀሰ ዳኛው እጁ ታሰረ ማለት ነው። በ2005 የተያዙት የገቢዎችና ጉምሩክ ዋና ዳይሬክተር አቶ መላኩ ፈንታ አምስት ዓመት ገደማ ታስረው ነው በ2010 ክሳቸው የተቋረጠው። ያን ዘመን ማን ይመልስላቸዋል? ሰርቀው ከነበረስ፣ ሕዝቡ ፍርዱን መቼ ሰማ?

ወደ ሕንድ ልውሰዳችሁ። እዚያ ሰው ሳይያዝ በፊት ፍርድ ቤት ሄዶ ዋስትና መጠየቅ ይችላል። እኛ ጋ ይህ የለም። የፑንጃብ ሚኒስትር የነበሩት ጉርባክሽ ሲንግ ሲቢያ በሙስና ሲወነጀሉ ይህንኑ ጠየቁ። የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በላይኛው የሥልጣን እርከን ለሚፈጸም ዓይን ያወጣ ሙስና ይህ አይገባም ብሎ አጥብቆ ዘጋው። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንደ አውሮፓውያን በ1980 ይህን ክልከላ አልተቀበለውም። ጉዳዩ ባለበት ሁኔታ ዳኛው ይመዝነው፣ በጅምላ አትከልክሉ አለ። ታዲያ ባለሥልጣን ሁሉ አመለጠ? የለም። እንደ አውሮፓውያን በ2019 የቀድሞው የገንዘብ ሚኒስትር ቺዳምባራም ጠይቀው ደልሂ ላይ ተከለከሉ። በማግስቱ መርማሪዎች የቤታቸውን አጥር ዘለው ገብተው ያዟቸው። ፈቃጁም ከልካዩም ዳኛ ነው። እኔ የምጠይቀው ይህንኑ ነው።

አንድ ነገር ልጨምር፤ ጠበቆች ታውቁታላችሁ። ደንበኛዬ ዋስትና ተፈቀደለት። ሚስቱ ገንዘቡን ከዘመድ ለቃቅማ አስያዘች። ደረሰኙን ይዘን፣ የመፍቻ ትዕዛዙን አሳትመን ጣቢያ ደረስን። ተረኛው አነበበው፣ አጣጠፈው፣ ኪሱ ከተተው። «ሌላ ጣቢያ ይፈለጋል» አለ። የትኛው ጣቢያ? «አልተነገረኝም።» ሚስትየው ያመጣችለትን ንጹሕ ሸሚዝ በፌስታል እንደያዘች ቀረች። ይግባኝ ማለት የፈለገ ዓቃቤ ሕግ ይበል፤ መንገዱ ክፍት ነው። ትዕዛዝ ኪስ ውስጥ መክተት ግን ይግባኝ አይደለም! ዳኞች፣ ይህን የሚያደርገውን ሰው ችሎት አስቀርባችሁ ጠይቁት። ሥልጣኑ አላችሁ።

ስለ ሀብት ምዝገባና ስለ ጥቆማ ሰጪዎች ጥበቃም እንድናገር ተጠይቄ ነበር። ሁለቱም ያስፈልጋሉ፤ ጽሑፉ ይታደላችኋል።

ለሕግ አውጪዎቻችን የማቀርበው ጥያቄ አጭር ነው። የ10 ዓመቱን ገደብ አንሱት። ተጠርጣሪው ይሸሻል ወይ፣ ማስረጃ ያጠፋል ወይ፣ ምስክር ያባብላል ወይ የሚለውን ዳኛው ይመርምር። ፓስፖርት ይያዝ፣ ከሥራ ይታገድ፣ ሀብቱ ይታገድ። ክሱም ዓመታት ሳይቆጥር ይታይ።

አመሰግናለሁ።