የእቁባችሁን ግሩፕ ከአባላቱ ሌላ ማን ሊያነበው ይችላል?

[ምስል፦ ሐዋሳ፣ አሞራ ገደል የዓሣ ገበያ። ከዚያ የስልክ ስክሪን፦ የባንክ ደረሰኝ ፎቶ።]

ተራኪ፦ የአሞራ ገደል ዓሣ ነጋዴዎች የእቁባቸውን ጉዳይ በቴሌግራም ግሩፕ ይጨርሳሉ እንበል። ጸሐፊዋ ዕጣ የደረሳትን እቁብተኛ ስም ትጽፋለች፤ ሙሉ ስምና የሒሳብ ቁጥር የሚታይበትን ደረሰኝም አያይዛ ትልካለች። ፎቶው ከስልኳ ተመስጥሮ ቢወጣም መፍቻው ቁልፍ በኩባንያው እጅ ስለሚገኝ፣ ኩባንያው ሊከፍተው ይችላል። ቴሌግራም ከጫፍ እስከ ጫፍ፣ ማለትም ላኪና ተቀባይ ብቻ እንዲያነቡት አድርጎ፣ የሚመሰጥረው «ሚስጥራዊ ውይይት» በሁለት ሰዎች መካከል ብቻ የሚሠራ ነው፤ ለግሩፕ የለም። ይህን የሚያውቅ ተጠቃሚ ጥቂት ይመስለኛል።

[ምስል፦ አንድ ስልክ ለብዙ ስልኮች ቁልፍ ሲያድል።]

ዋትስአፕ ሲግናል በተባለው የመልእክት መተግበሪያ ሠሪዎች የተነደፈውን ስልት ተቀብሎ ከ2016 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ግሩፖችንም በዚሁ መንገድ ይመሰጥራል። የጸሐፊዋ ስልክ የመላኪያ ቁልፍ ይፈጥርና ለእያንዳንዷ አባል ለየብቻ ቆልፎ ያደርሳል፤ ከዚያ በኋላ መልእክቱ አንድ ጊዜ ብቻ ይመሰጠራል፣ ሰርቨሩም (መልእክት አስተላላፊው የኩባንያው ኮምፒውተር) ምን እንደያዘ ሳያውቅ ለሁሉም ያከፋፍለዋል። ቁልፉ በየመልእክቱ ስለሚቀየር፣ ዛሬ የተሰረቀ ቁልፍ የትናንቱን መልእክት አይፈታም። አንዲት እቁብተኛ ተጣልታ ብትወጣ የቀሩት ስልኮች የቀድሞ ቁልፋቸውን ጥለው አዲስ ስለሚያወጡ፣ ከዚያ ወዲያ የሚጻፈው አይደርሳትም። ቀድሞ የደረሳት ግን ስልኳ ላይ ይቀራል፤ ለዚህ ምስጠራ መፍትሔ የለውም።

[ምስል፦ የአባላት ዝርዝር።]

የተጻፈውን መሸፈን አንድ ነገር ነው፤ ማን ከማን ጋር እቁብ እንደሚጥል መሸፈን ደግሞ ሌላ፣ ምናልባትም የሚከብደው ነው። ዋትስአፕ የግሩፑን አባላት ያውቃል። ሲግናል በአንጻሩ የአባላቱን ዝርዝርና የግሩፑን ስም ሳይቀር አባላቱ ብቻ በያዙት ቁልፍ መስጥሮ ያስቀምጣል። በ2016 እ.ኤ.አ. አንድ የአሜሪካ ፍርድ ቤት የተጠቃሚ መረጃ እንዲያቀርብ ባዘዘው ጊዜ፣ ሊያቀርብ የቻለው አካውንቱ የተከፈተበትንና ለመጨረሻ ጊዜ የተገናኘበትን ጊዜ ብቻ ነበር።

[ምስል፦ የዋትስአፕ ማስተካከያ ገጽ።]

ዋትስአፕን ለሚመርጡ እቁብተኞች የሚቀረው ባካፕ፣ ማለትም የውይይቱ መጠባበቂያ ቅጂ፣ ነው። ወደ ጉግል ድራይቭ የሚሄደው ቅጂ ከ2021 እ.ኤ.አ. ወዲህ ከጫፍ እስከ ጫፍ ሊመሰጠር ቢችልም፣ ምርጫውን ማብራት የእያንዳንዱ ሰው ፈንታ ነው። ዘጠኝ ሴቶች አብርተው አሥረኛዋ ብትተወው፣ የግሩፑ ወሬ ሁሉ በእሷ ቅጂ በኩል ያለዚህ ጥበቃ ይቀመጣል። ስለዚህ ጸሐፊዋ ደረሰኙን ከመላኳ በፊት አባላቱን ሁሉ ብትጠይቅ ይሻላል፤ ምርጫው «ቻት ባካፕ» በሚለው ገጽ ይገኛል።