ጣሪያው ለማን ነው?

እንደምን አመሻችሁ። ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ። ስለ ድሮ የእንጨት ድልድይ ለመስማት ብሎ አመሻሽ ላይ ከቤቱ የሚወጣ ሰው እንደኔው ነካ ያደረገው መሆን አለበት። ስለዚህ ዘና ብዬ ነው የማወራችሁ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጠራው።

በጥያቄ ልጀምር። ድልድይ ላይ ጣሪያ ለምን ይሠራል? ብዙ ሰው «መንገደኛውን ዝናብ እንዳይመታው» ይለኛል። «ፈረሶች ወንዙን አይተው እንዳይደነብሩ» የሚልም አለ። «በረዶ እንዳይከመርበት» የሚሉኝ ግን ያስቁኛል። በሰሜን አሜሪካ ክረምት ሰውም እቃም የሚጓዘው ፈረስ በሚጎትተው መንሸራተቻ ነበር። መንሸራተቻ ደግሞ ደረቅ ጣውላ ላይ ንቅንቅ አይልም። እናም አካፋ የያዙ ሰዎች በረዶውን ከውጭ እየዛቁ ድልድዩ ውስጥ ይበትኑ ነበር። ለዚህም ይከፈላቸው ነበር። ጣሪያ ሠርቶ በረዶ ማስገባት!

ጣሪያው ለሰው አይደለም፤ ለእንጨቱ ነው። እንጨት በዕድሜው ብቻ አይበሰብስም። የሚበላው ፈንገስ ነው፣ ፈንገሱ ደግሞ ውሃ ይፈልጋል። የእንጨቱ እርጥበት ከ20 በመቶ በታች ከቆየ ፈንገሱ ሥራ ይፈታል። ራቁቱን ዝናብና ፀሐይ የሚፈራረቁበት ድልድይ በአሥር፣ በሃያ ዓመት ያልቅለታል። ያንኑ ድልድይ ጣሪያና የጎን ጣውላ አልብሱት፤ ከመቶ ዓመት በላይ ይቆማል። ከታች ያለው ትልቁ ተሸካሚ እንጨት ውድ ነው፣ ለመቀየርም ፍዳ ያስቆጥራል። ከላይ ያለው ክዳን ርካሽ ነው። ርካሹ ለውዱ ይሞትለታል ማለት ነው።

ይህን አውሮፓና ቻይና ከጥንት ያውቁታል። የስዊዘርላንዷ ሉሰርን ከተማ ያለው የጸሎት ቤት ድልድይ የ14ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ነው። አሜሪካ የደረሰው ዘግይቶ ነው። በፊላደልፊያ ቲሞቲ ፓልመር የሚባል አናጺ ድልድይ ሠርቶ ነበር። የድልድዩ ኩባንያ ኃላፊ የነበሩት ዳኛ ሪቻርድ ፒተርስ «ይሸፈን» አሉ። 1805 ላይ ተከፈተ፤ ተሸፈነም። ከዚያ በኋላ ነገሩ እንደ ፋሽን ተዛመተ።

የመዛመቱ አንዱ ምክንያት ኢቲየል ታውን ነው። ይህ ሰው አርክቴክት ነበር፣ ነጋዴነቱም አይታማም። በ1820 ፓተንት ያወጣበት ንድፍ ቀላል ነው። ጣውላዎች ግራና ቀኝ ተጋድመው እንደ ወንፊት ይጠላለፋሉ፣ በተላለፉበት ቦታ ሁሉ በወፍራም የእንጨት ምስማር ይያያዛሉ። ግዙፍ ግንድ አያስፈልግም፣ የረቀቀ አናጺም አያስፈልግም። ንድፉን ለሚጠቀም ሰው ክፍያው ለድልድዩ ርዝመት በአንድ ጫማ (30 ሳንቲሜትር ገደማ) 1 ዶላር ነበር። ሳያስፈቅድ ሠርቶ የተገኘ 2 ዶላር!

የዚህ ንድፍ ዘመድ የሆነው የኮርኒሽና ዊንዘር ድልድይ ዛሬም ኒው ሃምፕሻየርንና ቨርሞንትን ያገናኛል። በ1866 ተሠራ፣ ርዝመቱ 137 ሜትር ገደማ ነው። መግቢያው ላይ «ፈረስህን በእርምጃ ንዳ፣ አለዚያ ሁለት ዶላር ክፈል» የሚል ማስታወቂያ አለ። ቀልድ አይደለም፤ ሶምሶማ የሚረግጡ ፈረሶች ድልድዩን ያርገበግቡታል። ሲሠራ የፈጀው 9,000 ዶላር ነበር። በ1989 ሲታደስ ግን ከ4 ሚሊዮን በላይ ጠየቀ።

ርዝመት ለምትወዱ፣ የዓለም ረጅሙ ካናዳ ውስጥ ሃርትላንድ ላይ ነው፤ 391 ሜትር። በ1901 ሲከፈት ጣሪያ አልነበረውም፣ የለበሰው በ1922 ነው። ኦንታሪዮ ያለውን የ1881 ድልድይ ደግሞ ሰዉ «የመሳሳሚያው ድልድይ» ይለዋል። ጨለማ ነው፣ ከውጭ አይታይም። ሌላውን እናንተ ጨርሱት።

አሁን ወደ ጥበቃው። አሮጌ ድልድይ ስገባ መጀመሪያ ቀና ብዬ ጣሪያውን ነው የማየው። የመርፌ ቀዳዳ የምታህል ብርሃን ካየሁ ቦታዋን ምልክት አደርጋለሁ። ከዚያ ጎንበስ ብዬ የተሸካሚው ጫፍ ድንጋዩ ላይ የሚያርፍበት እሄዳለሁ። የመኪና ጎማ ያመጣው አፈር፣ ቅጠልና የወፍ ኩስ የሚከማቸው እዚያ ነው። አፈር እርጥበት ይይዛል። ካቻቪቴ አውጥቼ እንጨቱን እወጋዋለሁ። ጤነኛ እንጨት ይመልሰዋል። የበሰበሰ ከሆነ ግን ካቻቪቴው ቅቤ ውስጥ እንደገባ ቢላ ስምጥ ይላል። ከውጭ ቀለሙ ያማረ ሆኖ ውስጡ ዱቄት የሆነ አይቻለሁ። የብዙዎቹ በሽታ መጥረጊያና ጥቂት ክዳን በጊዜው ቢገኝ የሚቆም ነበር። ግን መጥረጊያ መርቆ የሚከፍት ባለሥልጣን የለም።

እሳትና ጎርፍ ሌላ ጉዳይ ናቸው። የሉሰርኑ ድልድይ በነሐሴ 1993 አንድ ሌሊት ነደደ፤ መነሻው ሲጋራ ነው ተብሎ ይገመታል። ጣሪያው ስር ከነበሩት የ17ኛው ክፍለ ዘመን ሥዕሎች አብዛኞቹ ወደሙ። ድልድዩ በስምንት ወር ተመልሶ ቆመ፤ ሥዕሎቹ ግን ሄዱ። አዮዋ ውስጥ ደግሞ ሴዳር የሚባለውን ድልድይ ሰዎች ሆን ብለው በ2002 አቃጠሉት። እንደገና ተሠራ። በ2017 ደግመው አቃጠሉት። ያሁኑ በ2019 የተመረቀው ነው። ጎርፍን በተመለከተ፣ ኒው ዮርክ ውስጥ ከ1855 ጀምሮ የቆመውን የብሌንሃይም ድልድይ የአይሪን ማዕበል በ2011 በአንድ ቀን ጠርጎ ወሰደው። በ2018 ከፍ ተደርጎ ተተካ።

«ታዲያ አዲሱ እውነተኛው ድልድይ ነው?» ብላችሁ እንደምትጠይቁኝ አውቃለሁ። የጣሊያኗን የባሳኖ ከተማ ድልድይ ተመልከቱ። የአርክቴክቱ የፓላዲዮ ንድፍ ነው፣ በ1569 የተሠራ። ጎርፍ ወሰደው፣ ጦርነት አፈረሰው፣ በየጊዜው በዚያው ንድፍ መልሰው አቆሙት። ሕዝቡ ዛሬም የፓላዲዮ ድልድይ ይለዋል። እኔም ከነሱ ጋር ነኝ። እንጨቱ እየተቀያየረም ቢሆን ሰው የሚሄድበትን ድልድይ፣ በሰንሰለት ተዘግቶ ውስጡ ከሚበሰብሰው እመርጣለሁ። አንዳንድ ባልደረቦቼ በዚህ ይቆጡኛል። ይቆጡ።

ቻይናዎች ጉዳዩን ከሌላ በኩል ያዙት። በፉጂያንና ዠጂያንግ ተራሮች ግንዶችን እንደ ቅርጫት አጠላልፈው ቅስት የሚሠሩ አናጺዎች አሉ። ሙያው ከአባት ወደ ልጅ፣ ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር ነው የሚሄደው። ዩኔስኮ በ2009 አስቸኳይ ጥበቃ ከሚሹት መዝገብ ውስጥ ያስገባው ድልድዮቹን ሳይሆን ሙያውን ነው። በ2016 አውሎ ነፋስ እዚያው ዠጂያንግ፣ ታይሹን በሚባል ወረዳ ውስጥ ሦስት ድልድዮች ሲወስድ፣ ነዋሪው ወንዙን ተከትሎ ወርዶ ግንዶቹን ለቀመ። አናጺዎቹ ስለነበሩ ሦስቱም ተመልሰው ቆሙ። በ2024 ሙያው ከአስቸኳዩ መዝገብ ወጣ። ደስ የሚል ዜና ነው። ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ግን ፉጂያን ውስጥ 98 ሜትር የሚረዝመው የዋንአን ድልድይ ተቃጥሏል።

ይህች በእጄ የያዝኳት ዱላ መሳይ ነገር የእንጨት ምስማር ናት። ራሴ ነኝ የጠረብኳት፣ ጠማማነቷን ይቅር በሉኝ። በአንድ የታውን ድልድይ ውስጥ እንዲህ ያለው በመቶዎች ይገባል። ከፊት ወንበር ጀምሩና እየተቀባበላችሁ እዩዋት፣ ክብደቷንም ገምቱ። እስክትዞር ድረስ ጥያቄ እቀበላለሁ። ስትጨርሱ ግን መልሱልኝ፤ ቅዳሜ ቦታዋ ውስጥ ትገባለች።