መላእክቱን መጀመሪያ ቁጠሯቸው

የተከበራችሁ አባቶች፣ እንግዶች፣ የስልጠናው አስተባባሪዎች፣ እናንተም ዛሬ የአስጎብኚነት ሰርተፍኬት የምትወስዱ ልጆቼ፣ እንኳን ደስ አላችሁ። ግማሻችሁን ሂሳብ ያስተማርኳችሁ እኔ ስለሆንኩ ማን ስንት እንዳመጣ አልናገርም፣ አትፍሩ። ስለ ጥንት ሕዝቦች ቁጥርና ጂኦሜትሪ ተናገር ተብዬ ነው የመጣሁት፣ እናገራለሁ፣ ግን መጀመሪያ ሆዴን ያቃጠለኝን ላውጣው።

አምና ጥምቀት ሰሞን እዚህ ጎንደር ደብረ ብርሃን ሥላሴ ቤተክርስቲያን ገብቼ ከአንድ የፈረንጅ ግሩፕ ኋላ ቆሜያለሁ። አስጎብኚው ጣራውን እያሳየ "እነዚህ የመላእክት ፊቶች 365 ናቸው፣ ለዓመቱ ቀን ሁሉ አንድ አንድ" አይል መሰላችሁ! ፈረንጆቹ ዋው ብለው ጻፉ። እኔ እንግዲህ አመሌ ነው ዝም ብዬ መውጣት አቃተኝ፣ ምንጣፉ ላይ ቁጭ አልኩና አንገቴን አንጋጥጬ በየረድፉ መቁጠር ጀመርኩ፣ መሃል ላይ ይጠፋብኛል፣ እንደገና ከጥግ እነሳለሁ፣ በመጨረሻ አንድ ቄስ መጥተው "ምነው፣ አዞረዎት እንዴ?" አሉኝ። እየቆጠርኩ ነው አባ ስላቸው ሳቁና "ይተዋቸው፣ እነሱ ናቸው እርስዎን የሚቆጥሩዎት" ብለውኝ ሄዱ። 365 ቀርቶ ግማሹም አይሞላም! ልጁን ውጭ ጠብቄ ከየት አመጣኸው ስለው "ጋሼ ዩቲዩብ ላይ አይቼ ነው፣ ደሞ ፈረንጅ ቁጥር ይወዳል" አለኝ። የገረመኝ ደግሞ ይህን ሲያወራ የቆምነው አጥሩ ስር ነው፣ በአጥሩ ዙሪያ 12 ማማ አለ፣ የ12ቱ ሐዋርያት ምሳሌ፣ 13ኛው የበሩ ማማ የክርስቶስ፣ ድንጋይ ነው፣ ማንም ዞሮ ይቆጥረዋል፣ እሱን ግን ትንፍሽ አላለም።

ቁጥር ምሳሌ የሚሆነው መጀመሪያ በትክክል ሲቆጠር ነው። ባቢሎኖችን ተመልከቱ፣ ለአማልክቶቻቸው ቁጥር ሰጥተዋል፣ የሰማዩ አምላክ አኑ 60፣ የጨረቃው ሲን 30። 60 ለ2፣ ለ3፣ ለ4፣ ለ5፣ ለ6 ያለ ትርፍ ይካፈላል፣ ሂሳባቸው በሙሉ በሱ ላይ ነው የቆመው፣ እጃችን ላይ ያለው ሰዓት እስከዛሬ 60 ደቂቃ የሆነው በነሱ ነው። የጨረቃው 30 ደግሞ የወር ቀን ነው፣ ሰማይ እያዩ ቆጥረው ነው ያገኙት።

እኛም ጋ 30 አለች። ባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም የጾምና የበዓል ቀን ማውጫውን ስሌት፣ የሚቀምሩ የኔታዎች ጎንደር ውስጥ ተቀምጠው እናንተ ቲክቶክ ትጠይቃላችሁ! በሉ የ2018ን አብረን እንቀምር፣ ከፍጥረት እስከ ክርስቶስ በሚቆጠረው 5500 ላይ 2018 ስትደምሩ 7518፣ ለ19 ስታካፍሉት 13 ይተርፋል፣ አንዱን ለዘመን ብላችሁ ስትቀንሱ የቀረው ወንበር ይባላል፣ 12 ነው። 12 በ11 ሲባዛ 132፣ በ30 በ30 ስትገድፉት፣ ማለትም ስትቀንሱለት፣ 12 ይቀራል፣ ይሄ አበቅቴ ይባላል። 12 በ19 ሲባዛ 228፣ ስትገድፉት 18፣ ይሄ ደግሞ መጥቅዕ ይባላል። 12ና 18 ስንት ነው? 30! የፈለጋችሁትን ዓመት አምጡ፣ አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 ናቸው። ጾሙም ፋሲካውም በዚህ ነው የሚወጣው። ይሄን ለቱሪስት በእስክሪብቶ ሠርታችሁ ብታሳዩት አፉን ከፍቶ ነው የሚቀረው፣ ጎንደር የውሸት ቁጥር ምን ያደርግላታል? ምን ጎድሏት!

ቁጥር ማስገደድ በኛ አልተጀመረም፣ እሱንም ልንገራችሁ። የጥንቱ የግሪክ ፈላስፋ የፓይታጎራስ ተከታዮች 10ን ፍጹም ነው ብለው ያከብሩ ነበር፣ 1፣ 2፣ 3ና 4 ሲደመሩ ስለሚሰጡት። ሰማይ ላይ የሚዞረውን ሲቆጥሩ ግን 9 ሆነባቸው፣ ምን አደረጉ? ማንም አይቶት የማያውቅ "ተቃራኒ ምድር" ጨመሩና 10 ሞሉ። አሪስቶትል በዚህ ወቅሷቸዋል። እነዛን የሚያህሉ ሰዎች ከተሳሳቱ እኛ ደግሞ ይብስብናል።

ጎልደን ሬሾ የምትሉት፣ ያ 1.618 ገደማ የሆነው ሬሾም፣ እንዲሁ ነው። ፋሲል ግንብ በጎልደን ሬሾ ነው የተሠራው ስትሉ ሰምቻለሁ፣ ማነው ሜትር ይዞ የለካው? የግሪኩ የጂኦሜትሪ ሊቅ ዩክሊድ ሬሾውን ሲጽፍ መስመር መከፋፈያ አድርጎ ነው የጻፈው፣ "መለኮታዊ" የሚለው ስም የገነነው በ1509 በታተመ የጣሊያን መጽሐፍ ነው። ጂኦሜትሪ ካማራችሁ ክብ ቤተክርስቲያኖቻችንን አሳዩ፣ ቅኔ ማሕሌት፣ ቅድስት፣ መቅደስ፣ ሦስቱ አንዱ ባንዱ ውስጥ፣ መሃል ያለው መቅደስ ብዙ ጊዜ አራት ማዕዘን። የጥንት ግብፆችም ክብና አራት ማዕዘን አገናኝተዋል፣ ከክቡ ዲያሜትር አንድ ዘጠነኛውን ቀንሰው የቀረውን በራሱ እያባዙ የክቡን ስፋት ያሰሉ ነበር፣ ይሄው ነው።

አርባ አራቱ የጎንደር ታቦትስ የምትሉ ትኖራላችሁ። እኔም ስምል በነሱ ነው የምምለው፣ ዝርዝሩ ግን ከሰው ሰው ይለያያል፣ ይለያያል ብላችሁ ንገሯቸው፣ ማንም አይቀየማችሁም።

አስተባባሪዎች፣ ከፊት ስለተቀመጣችሁ እዚሁ ልጠይቃችሁ፣ በሚቀጥለው ዙር ግማሽ ቀን ለባሕረ ሐሳብ ስጡልኝ፣ አንድ የኔታ ጠርታችሁ አበል ክፈሏቸው፣ ለየአስጎብኚውም አንድ አንድ ሜትር ግዙለት። መልሳችሁን ከሻይ በኋላ እጠብቃለሁ፣ ሳልሰማ አልሄድም።