አንድ ጊዜ ብቻ የወጣው ጋዜጣ

ሄለን፦ ዳዊት፣ ዛሬ ወሬያችንን ከአንድ ባዶ ገጽ ልጀምረው።

ዳዊት፦ ምኑ ይወራል ባዶ ገጽ?

ሄለን፦ ይወራል እንጂ! እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 25 ቀን 1690 ቦስተን ላይ አንድ ጋዜጣ ወጣ። ያኔ ማሳቹሴትስ የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ናት። ጋዜጣው አራት ገጽ ነው፤ ሦስቱ ታትመዋል፣ አራተኛው ባዶውን ቀርቷል።

ዳዊት፦ የሚጽፉት አጥተው?

ሄለን፦ ሆን ብለው ነው። አንባቢው የሰማውን ወሬ በእጁ እንዲጽፍበትና ወደ ሌላ ከተማ ላለ ዘመድ ወይም ወዳጅ እንዲልከው ነው። እኔን የማረከኝ ይሄ ነው። ጋዜጣ የአሳታሚው ብቻ አይደለም ብሎ የተነሳ ሰው!

ዳዊት፦ ሰውየው ማነው?

ሄለን፦ ቤንጃሚን ሃሪስ ይባላል። ለንደን ውስጥ መጽሐፍ አሳታሚ ነበር፤ በጽሑፍ ምክንያት ታስሯል፣ በአደባባይም ተቀጥቷል። በ1686 ወደ ቦስተን ተሻገረ። እዚያ መጽሐፍም ቡናም የሚሸጥበት ቤት ከፈተ።

ዳዊት፦ ቡና ባለበት ወሬ አይጠፋማ። ከየመርከቡ የወረደው ሁሉ እዚያ ነው የሚቀመጠው።

ሄለን፦ ልክ ነህ። የጋዜጣው ስም «ፐብሊክ ኦከረንሰስ» ነው፤ የውጭና የአገር ውስጥ ክንውኖች እንደማለት ነው። በወር አንድ ጊዜ፣ ወሬ ከበዛ ደግሞ ቶሎ ቶሎ እናወጣለን ብሎ ቃል ገብቶ ነበር።

ዳዊት፦ ምን ምን ጻፈ ታዲያ?

ሄለን፦ ሳነበው ልቤን የነካው የፈንጣጣው ዜና ነው። በሽታው ቦስተን ውስጥ ወደ 320 ሰው ገድሎ እየበረደ ነው ይላል። ሚስቱን ካጣ በኋላ ራሱን ያጠፋ ሰው አለ። የጠፉ ሁለት ልጆች አሉ። ደግሞ የእሳት አደጋ ዜና አለ፦ አንድ ወጣት ሞቷል፣ አሜሪካ ውስጥ ከነበሩት ጥቂት ማተሚያዎች ምርጥ የሚባለውም አብሮ ተቃጥሏል።

ዳዊት፦ ይሄ ሁሉ መንግሥትን የሚያስቆጣ አይመስለኝም።

ሄለን፦ ያስቆጣው ሌላ ነው። ጊዜው ጦርነት ነው፤ እንግሊዞች ካናዳ ካሉት ፈረንሳዮች ጋር እየተዋጉ ነው፤ የአሜሪካ ተወላጅ የሆነው የሞሃውክ ሕዝብ ደግሞ የእንግሊዞቹ አጋር ነው። ሃሪስ ሞሃውኮች በምርኮኞች ላይ ጭካኔ ፈጸሙ ብሎ ጻፈ። ከዚያ አልፎ የፈረንሳይ ንጉሥ ከልጁ ሚስት ጋር ይማግጣል የሚል ወሬ አተመ።

ዳዊት፦ ስለ ሞሃውኮቹ ግን ሳልናገር ባልፍ ደስ አይለኝም። በጋዜጣው ውስጥ የአገሬው ተወላጆች በሰፋሪው ዓይን ብቻ ነው የሚታዩት። እነሱ የሚናገሩበት አንድ መስመር እንኳ የለም። ባዶው ገጽም ለእነሱ የተተወ አይደለም።

ሄለን፦ እውነትህን ነው፤ ማንበብና መግዛት ለሚችለው ሰፋሪ ነው የተተወው። ይሄን ሳይዙ ሃሪስን ማድነቅ አይቻልም።

ዳዊት፦ ከዚያስ ምን ተከተለ?

ሄለን፦ የቅኝ ግዛቱ ምክር ቤት አባል ሳሙኤል ሲዋል በዕለቱ በማስታወሻው ላይ ቅሬታውን መዝግቧል፦ አንደኛ ያለ ፈቃድ መታተሙ፣ ሁለተኛ የፈረንሳዩ ንጉሥና የሞሃውኮቹ ነገር። ከአራት ቀን በኋላ ገዥውና ምክር ቤቱ ጋዜጣውን አገዱ። ከእንግዲህ ያለ ፈቃድ ማንም ምንም እንዳያትም ተብሎ ታወጀ።

ዳዊት፦ አራት ቀን!

ሄለን፦ አራት ቀን። የሚያሳዝነው ደግሞ ምን መሰለህ? ሃሪስ በመጀመሪያው ገጽ ላይ ውሸት ማሰራጨትን ልንዋጋ ነው፣ የሐሰት ወሬ ያወጣውን ሰው አጣርቶ የነገረን ካለ ስሙን በሚቀጥለው እትም እናወጣለን ብሎ ነበር።

ዳዊት፦ የሚቀጥል እትም ግን አልነበረም።

ሄለን፦ አልነበረም። ቦስተን ሌላ ጋዜጣ ለማየት 14 ዓመት ጠበቀች። በ1704 የፖስታ ቤቱ ኃላፊ ጆን ካምቤል «ቦስተን ኒውስ ሌተር» የሚባለውን ጀመረ። አናቱ ላይ በባለሥልጣን ፈቃድ የታተመ የሚል አለበት። ያ ለዓመታት ቆየ።

ዳዊት፦ ሃሪስስ?

ሄለን፦ ጥቂት ዓመታት ቦስተን ቆይቶ ወደ ለንደን ተመለሰ። ዛሬ የሚታወቀው የጋዜጣው ቅጂም እዚያው ለንደን፣ በእንግሊዝ መንግሥት መዝገብ ውስጥ ነው የተገኘው።

ዳዊት፦ ቦስተን ያገደችውን የመንግሥት መዝገብ አቆየው በያ።

ሄለን፦ አዎ፣ ያ አንድ ቅጂ ባይቀመጥ ኖሮ ስለ ፈንጣጣው ሙታንም፣ ስለ ጠፉት ልጆችም ሃሪስ ምን እንደጻፈ ዛሬ አናነብም ነበር።